ከእጥፋቱ ላይ የተነሳው ኮከብ

እስቲ እናንተ ንገሩኝ፤ አንድ ኮከብ ከነበረበት ቦታ ሦስት ጣት ያህል ወደ ግራ ፈቀቅ ብሎ ቢገኝ ማንን ትጠይቃላችሁ? ሰማይ ጠባቂ የለውም፣ ኮከብም ካሻው ይሄዳል ትሉ ይሆናል። እኔ የምነግራችሁ ኮከብ ግን የወረቀት ኮከብ ነው። የወረቀት ኮከብ በራሱ እግር አይሄድም። አንሺ አለው። አንሺው እጅ አለው፤ እጁም በየወሩ ደመወዝ ይቀበላል።

ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ ነውና ከሥሩ እንነሳ።

ሴትዮዋ የካርታ ሰዓሊ ናት። በማተሚያ ቤቱ ሠላሳ አንድ ዓመት ስትሠራ በስሟ የሚጠራት አልነበረም፤ «ማስመሪያ» ነበር የሚሏት። ግማሹ ሰው ረጅምና ቀጭን ስለሆነች ነው ይላል። ግማሹ ደግሞ ጠማማ ነገር ስታይ አንገቷ ላይ ያለው ሥር ስለሚገተር ነው ይላል። ሁለቱም ልክ ናቸው። ታላቅ እህቷ ደግሞ ደራሲ ነበረች። «ላይኛው አገር» የሚባለውን፣ ልጅም አዋቂም እየተዋሰ ጀርባውን የገነጠለውን መጽሐፍ የጻፈችው እሷ ናት። ካረፈች ሁለት ዓመት ሆናት።

ላይኛው አገር የትም የለም። ደራሲዋ ናት ከነሰማዩ የፈጠረችው። በዚያ አገር አንድ የቆየ ሕግ አለ፦ መሬት የሚከፋፈለው በመሬት ላይ በተተከለ ድንጋይ ሳይሆን በላዩ በሚቆም ኮከብ ነው። ኮከቡ የየትኛው የባላባት ቤት ከሆነ ከሥሩ ያለው መሬትም የዚያ ቤት ነው። በስተግራ ያለውን ሰማይ የንስር ቤት ይዞታል፤ በስተቀኝ ያለውን የአዞ ቤት። ድሃ ቀና ብሎ ባየ ቁጥር የጌታውን ንብረት ነው የሚያየው።

ደራሲዋ ይህን ሁሉ ስትፈጥር ማስመሪያ ከጎኗ ሆና ካርታውን ትስል ነበር። የሁለቱ እህቶች ቤት ሁለት ክፍል ነው። ያለቻቸው አንዲት የምግብ ጠረጴዛ ስትሆን እሷም አጭር ናት፤ ትልቅ ወረቀት አትችልም። ስለዚህ ማስመሪያ ሰማዩን በሁለት ግማሽ ወረቀት ሳለችና ከጀርባው በፕላስተር አያያዘችው። የመጨረሻዋን መስመር ጨርሳ ብዕሯን ስታነሳ አንዲት የቀለም ጠብታ ወረደች። የወረደችው ሁለቱ ወረቀቶች ከሚገናኙበት መስመር ላይ ነው፤ ልክ ከመስመሩ ላይ።

ማስመሪያ ጠብታውን ልትፍቅ ምላጭ አነሳች። የካርታ ሰዓሊ የተሳሳተ ቀለም ሲደርቅለት በምላጭ ጫፍ ይፍቀዋል፤ ዕለት ተዕለት የሚሠራ ነው። እህቷ እጇን ያዘቻት።

«ቆይ፣ ተይው።»

«እትዬ፣ ጠብታ እኮ ነው።»

«አየሁት። የማን ነው?»

«ጠብታ የማን ይሆናል? የኔ ጥፋት ነው።»

«እንደሱ አይደለም። በዚህ በኩል ንስር ነው፣ በዚያ በኩል አዞ። ይሄ የማን ነው? ለኪው እስቲ።»

ማስመሪያ ማስመሪያዋን አነሳችና ለካች። ከንስሩ ምንቃር እስከ ጠብታው፣ ከጠብታው እስከ አዞው ጅራት። እኩል ነበር። ደገመችው። እኩል ነው።

«የማንም አይደለም» አለች።

«እንግዲያው ሥራ አገኘ» አለች ደራሲዋ፤ ስቃም ወረቀቷን ሳበች።

«እማኝ» የተባለው ኮከብ የተወለደው እንዲህ ነው። በመጽሐፉ ውስጥ ከሥሩ አንዲት ቀጭን መሬት አለች፤ የሚኖሩባት ከሁለቱም ቤት የተባረሩ ገመድ ገማጆች ናቸው። ሁለቱ ቤቶች መሬቷን ይፈልጓታል፤ ክርክሩ የመጽሐፉን ሦስት ክፍል ሙሉ ይሄዳል። በመጨረሻው ምዕራፍ አንዲት አሮጊት ገመድ ገማጅ ችሎት ቀርባ ዳኛውን «ጌታዬ፣ መዝገቡን ይዝጉትና ቀና ይበሉ» ትለዋለች። ዳኛው ከንስሩ እስከ አዞው ክር ይዘረጋል። እማኝ ከክሩ መሀል ላይ ይገኛል። ፍርዱ አንዲት ዓረፍተ ነገር ናት፦ «ባለቤት የሌለው ኮከብ ከሥሩ ለሚኖሩት ይመሰክራል፤ መሬቷም የነዋሪዎቿ ናት።»

ይችን ዓረፍተ ነገር በቃሉ የማይወጣ የመጽሐፉ አንባቢ ፈልጋችሁ አታገኙም።

አሁን ደግሞ ስለ መጠረዣው መርፌ። መጽሐፉን ለመጀመሪያ ጊዜ የጠረዘው ሰው «ጋሽ ሙጫ» ይባላል። ሙጫ ያሉት ሙጫ ስለሚወድ አይደለም፤ ማተሚያ ቤት ውስጥ እንደሱ ሙጫ የሚጠላ ሰው ስላልነበረ ነው። መጽሐፍ ይሰፋል እንጂ አይለጠፍም ባይ ነው። ካርታውን ያገኘ ዕለት ትልቅ ችግር ታየው። መጽሐፍ ሲከፈት ሁለቱ ገጾች የሚገናኙበት ስርጉድ ያረፈበትን ነገር ሁሉ ይውጣል፤ ኮከቡ ደግሞ እዚያው ላይ ነው። ጋሽ ሙጫ አንድ ቀን ሙሉ አሰበና መላ መታ። የመጽሐፍ ቅጠሎች ተደራርበው ታጥፈው ሲሰፉ መሀል ላይ የሚውለው ወረቀት አንድ ወጥ ነው፤ አይቆረጥም። ካርታውን እዚያ መሀል፣ ገጽ መቶ ሠላሳ ስድስትና መቶ ሠላሳ ሰባት ላይ አዋለው። መርፌው ወረቀቱን የሚበሳበትን ቦታ ደግሞ ራሱ መረጠ፤ ከኮከቡ ልብ ላይ። ስለዚህ በአሮጌው እትም እማኝን ስትፈልጉ መጽሐፉን አጥብቃችሁ መክፈት አለባችሁ፤ ስትከፍቱት ነጩ ክር ከጥቁሩ ኮከብ ወጥቶ እንደ ጨረር ይታያል። በጣታችሁ ብትነኩት ይሰማችኋል።

የተነሳው እንግዲህ ይህ ኮከብ ነው።

ማክሰኞ ጠዋት ጋሽ ሙጫ ስልክ ደወለ። ማስመሪያ ጡረታ ከወጣች አራት ዓመቷ ነው፤ እሱ ግን ምትክ ስላልተገኘለት አሁንም ይሠራል።

«ማስመሪያ፣ ቁርስ በልተሻል?»

«በልቻለሁ።»

«ጥሩ። በባዶ ሆድ አይቻልም። ነይ።»

መጠረዣው ክፍል ድሮ የወረቀትና የክር ሽታ ነበረው። አሁን የጋለ ሙጫ ይሸታል። ከበሩ አጠገብ አዲስ ማሽን ቆሟል፤ የመጽሐፉን ጀርባ ይቆርጥና ሙጫ ቀብቶ ሽፋኑን ይለጥፍበታል። ጋሽ ሙጫ በማሽኑና በራሱ መካከል ወንበር አስቀምጧል፤ እንደተጣላ ጎረቤት። አንድ አዲስ «ላይኛው አገር» ሰጣት። ሽፋኑ ያብረቀርቃል።

«ካርታውን ክፈቺ።»

ከፈተችው። እማኝ ከንስሩ ክንፍ ሥር ተወሽቋል። ብብቱ ውስጥ።

ማስመሪያ መነጽሯን አውልቃ ጠረገችና መልሳ አደረገችው። «ማተሚያው አንሸራቶት ነው» አለች።

«ማተሚያ ሲያንሸራትት ሁሉንም ነው የሚያንሸራትተው። ሰማዩን ሁሉ ትቶ አንድ ኮከብ መርጦ አያንሸራትትም።»

«ታዲያ?»

«ታዲያማ አዲሱ መጽሐፍ አይሰፋም፣ ይለጠፋል። ጀርባው ተቆርጦ ሲለጠፍ ስርጉዱ ኮከቡን ዋጠው። ገጽ የሚያቀናብረው ልጅ 'ይዋጣል፣ ምን ላድርግ?' ብሎ ጠየቀ። 'ወደ ግራ ውሰደው' ተባለ። ወሰደው። አለቀ።»

«አለቀ?»

«ለእነሱ አለቀ።»

ማስመሪያ አንገቷ ላይ ያለው ሥር ተገተረ። «ጋሼ፣ ይሄ እኮ ሊሆን አይችልም። በመጨረሻው ምዕራፍ ዳኛው ክር ዘርግቶ ከመሀል ነው የሚያገኘው። ካርታውና ጽሑፉ ሊጣሉ ነው።»

«አይጣሉም» አለ ጋሽ ሙጫ። ድምፁ ዝቅ አለ። «አስታርቀዋቸዋል። አንብቢው።»

ማስመሪያ የመጨረሻውን ምዕራፍ ቆማ አነበበችው። አሮጊቷ አለች። ዳኛው አለ። ክሩ የለም። «ጌታዬ፣ ቀና ይበሉ» የሚለው የለም። ፍርዱ በነበረበት ቦታ ላይ እንዲህ ይላል፦ «ኮከቡ በንስር ቤት ሰማይ ውስጥ መሆኑ ስለተረጋገጠ መሬቷ የንስር ቤት ናት፤ ሆኖም ቤቱ በቸርነቱ ገመድ ገማጆቹ እንዲቀመጡ ፈቀደላቸው። እነሱም እጅ ነስተው አመሰገኑ።»

አያችሁ? ካርታው ላይ የተሠራውን ስህተት ያየ ሰው ነበረ ማለት ነው። ካርታውና ጽሑፉ እንደማይገጥሙ የገባው፣ የተማረ፣ ወንበር ያለው ሰው። ከሁለቱ አንዱ መታረም ነበረበት። እሱም አሰበ፣ መዘነ፣ የተሳሳተውን ትቶ ትክክለኛውን አረመ። አይጥ በበላ ዳዋ ተመታ ማለት ይኼ ነው፤ ለሙጫ ሲባል ሰው ከመሬቱ ተነቀለ፣ ለነቀለውም እጅ እንዲነሳ ተደረገ።

ማስመሪያ መጽሐፉን ዘጋችው። «እጅ ነስተው አመሰገኑ» አለች ለራሷ። «እህቴ እኮ በሕይወቷ ለማንም እጅ ነስታ አታውቅም።»

«ገና ነሽ» አለ ጋሽ ሙጫ። «ቅዳሜ ምረቃው ነው። ማስታወቂያውን አላየሽም? አሮጌውን መጽሐፍ ያመጣ ሁሉ አዲሱን በነፃ ይወስዳል። የትምህርት ቤቶቹንም በሚቀጥለው ሳምንት በመኪና ሰብስበው ይቀይሩታል።»

«አሮጌውን ምን ሊያደርጉት?»

ጋሽ ሙጫ በአገጩ ወደ ጓሮ አመለከተ። ከጓሮ የወረቀት መፍጫው አለ፤ የተበላሸ ወረቀት ውኃ ውስጥ ተፈጭቶ ካርቶን የሚሆንበት።

ማስመሪያ ከዚያ በቀጥታ ወደ ሥራ አስኪያጁ ቢሮ ሄደች። ደረጃውን ስትወጣ ለራሷ «አትቆጪ፣ በእርጋታ ጠይቂ» እያለች ነው። ይህ ምክር ከሁለተኛው ፎቅ አላለፈም።

ሥራ አስኪያጁ ሰው በአንቱታ የሚሰድብ ዓይነት ነው። ቢሮው በመስታወት የተከለለ ነው፤ ሁሉም ያየዋል፣ ማንም አይሰማውም። ተነስቶ ተቀበላት። ወንበር ሳበላት።

«እናታችን፣ እንኳን ደህና መጡ። ሻይ ይምጣልዎ?»

«እናትህ አይደለሁም፣ ሻይም አልጠጣም። ኮከቡን ማን አነሳው?»

«የትኛውን ኮከብ?»

«ስንት ኮከብ ነው ያነሳችሁት?»

ፈገግ አለ። «አሃ፣ ካርታውን ነው የሚሉኝ። እሱ ቴክኒካዊ ማስተካከያ ነው። ለአንባቢ ምቾት ሲባል።»

«ፍርዱንም ለአንባቢ ምቾት ነው የገለበጣችሁት?»

«ጽሑፉ ከካርታው ጋር እንዲጣጣም ተደርጓል። ወጥነት የማንኛውም ጥሩ እትም መለያ ነው። እርስዎ ራስዎ የሙያው ሰው ነዎት።»

«ስለሆንኩ ነው የመጣሁት። ካርታው ነው የተሳሳተው። ካርታውን መልሱ፣ ጽሑፉ ይስተካከላል።»

ሥራ አስኪያጁ ወደ ኋላ ተደገፈ። «ይቅርታ ያድርጉልኝና፣ ካርታው ከመጀመሪያውም ስህተት ነበረበት። ኮከቡ የቀለም ጠብታ እንደነበር እርስዎ ራስዎ ለጋዜጣ ተናግረዋል። አንብቤዋለሁ። እኛ አንድ ጠብታ አነሳን ብለው ነው የሚቆጡት?»

ይህ ወጋት፤ እውነት ስለሆነ ወጋት። ተናግራለች። በዚያን ጊዜ ቀልድ ነበር። አሁን ጠረጴዛ ላይ እንደ ማስረጃ ተቀመጠ።

«አዎ፣ ጠብታ ነበር» አለች ቀስ ብላ። «እኔ ላጠፋው ምላጭ አንስቼ ነበር፤ እህቴ እጄን ያዘች። ከዚያ በኋላ አሥራ አንድ ዓመት ተቀምጣ ዘጠኝ መቶ ገጽ ጻፈችበት። አንተም ስትወለድ ማንም አላቀደህ ይሆናል፤ ስላልታቀድክ ሦስት ጣት ገፍተን ከሌላ ሰው ግቢ እናስቀምጥህ?»

«እናታችን፣ ነገሩን የግል አያድርጉት። ውሳኔው የእኔ አይደለም። የኮሚቴው ነው።»

«ኮሚቴው ማን ነው?»

«ኮሚቴው … ኮሚቴው ነው።»

«ስም የለውም?»

«በጋራ ነው የሚሠራው።»

«በጋራ ሲሠራ ሊቀመንበሩ ማን ነው?»

ሥራ አስኪያጁ መሳቢያውን ከፈተና አንድ ወረቀት አውጥቶ ወደ እሷ አዞረው። «ለማንኛውም የወራሽ ፈቃድ አለን። በሕግ የሚያስፈልገን ይኸው ነው።»

ማስመሪያ ፊርማውን አወቀችው። የእህቷ ልጅ ፊርማ ነው። የመጨረሻዋን ፊደል እንደ ጅራት ትጎትታለች።

የእህቷ ልጅ ፋርማሲስት ናት። ከሆስፒታሉ ፊት ለፊት ባለች ጠባብ መድኃኒት ቤት ትሠራለች። ማስመሪያ ስትገባ ከመድኃኒት ካርቶን የወጣች ቅጠል የምታህል ወረቀት ላይ አጎንብሳ ደቃቁን ጽሑፍ ታነባለች። ከመደርደሪያው ማዶ አንድ ሽማግሌ ይጠብቃሉ።

«አባባ፣ ይሄኛውን ከምግብ በኋላ ነው» አለቻቸው፤ ሁለት ጊዜ ደግማ። ሽማግሌው ወጡ። ቀና ስትል አክስቷን አየች። «አክስቴ፣ ምነው በሰላም?»

«አንቺ ልጅ፣ ከዚህች ቁራጭ ወረቀት ላይ የጉንዳን እግር የሚያህል ፊደል ሳትቀር ታነቢያለሽ አይደል?»

«ሥራዬ ነው እንጂ።»

«የእናትሽን መጽሐፍ ስትፈርሚላቸውስ አነበብሽው?»

ልጅቷ እጇ ቆመ። «የፊደል ለቀማ ነው አሉኝ። የቀሩ ነጥቦች፣ የተዘለሉ ፊደሎች። እሱን ብቻ እናስተካክላለን ነው ያሉኝ።»

«አነበብሽው ወይ ነው ያልኩሽ።»

«አላነበብኩትም።»

ማስመሪያ መጽሐፉን ከፍታ ከመደርደሪያው ላይ አኖረችው፤ መጀመሪያ ካርታውን፣ ከዚያ የመጨረሻውን ገጽ። ልጅቷ አነበበች። ዳግመኛ አነበበች፤ መድኃኒት እንደምታነብ። ፊቷ ቀስ በቀስ ተቀየረ።

«እጅ ነስተው …» አለች።

«ጨርሺው።»

«አልጨርሰውም።»

ማስመሪያ ልትጮህ መጥታ ነበር። ከማተሚያ ቤቱ እስከዚህ ድረስ በመንገድ ላይ ስድቡን ስታዘጋጅ ነው የመጣችው፤ አንድ ሁለቱ በጣም ጥሩ ነበሩ። ልጅቷ ግን ቀድማ መናገር ጀመረች።

«እናቴ ካረፈች ወዲህ ያን መጽሐፍ መክፈት አልቻልኩም፣ አክስቴ። ስከፍተው ድምጿ ይመጣብኛል። ሕፃን ሆኜ ጣቴን ይዛ ክሩ ላይ ታደርገውና 'ነካሽው? ይሄ የማንም አይደለም፣ ስለዚህ ያንቺም ነው' ትለኝ ነበር። ወረቀቱን ሲያመጡልኝ ቶሎ እንዲሄዱልኝ ፈረምኩ። በቃ፣ እንዲሄዱልኝ።»

ስድቦቹ ከማስመሪያ አፍ ሳይወጡ ቀሩ።

«አሁን ምን ይደረጋል? ፊርማ እኮ ነው» አለች ልጅቷ።

«ለፊደል ለቀማ ነው የፈረምሽው። ፍርድ እንዲገለብጡ አልፈረምሽም። አሮጌው መጽሐፍ አለሽ?»

«አለ። ከቁም ሳጥኑ ውስጥ ነው።»

«ቅዳሜ ይዘሽው ነይ። ለማንም እንዳትሰጪው።»

ቅዳሜ ረፋድ ላይ አዳራሹ ጢም ብሏል። ከመግቢያው ላይ ትልቅ የእንጨት ሳጥን ተቀምጧል፤ ከጎኑ አንዲት የማተሚያ ቤቱ ሠራተኛ አሮጌ መጽሐፍ እየተቀበለች አዲስ ትሰጣለች። ሰልፉ እስከ ደረጃው ወርዷል። ሰዎቹ ደስ ብሏቸዋል። የነፃ ነገር ማን ይጠላል? አሮጌዎቹ መጻሕፍት አንዳንዱ በፕላስተር ተጠግኗል፤ አንዳንዱ ከሽፋኑ ውስጥ የሦስት ትውልድ ስም ተጽፎበታል። አንድ በአንድ ሳጥኑ ውስጥ ይወድቃሉ፤ ድው፣ ድው። ማስመሪያ ያን ድምፅ በሰማች ቁጥር አንገቷ ይገተራል።

ተሰለፈች። ተራዋ ሲደርስ ሠራተኛዋ እጇን ዘረጋች።

«አሮጌውን ይስጡኝ እማማ።»

«አልሰጥም።»

«ታዲያ ለምን ተሰለፉ?»

«ከቅርብ ላየው ብዬ ነው፤ ሬሳ ሳጥን እንዲህ ተከፍቶ አይቼ አላውቅም።»

ከኋላዋ የቆመ አንድ ወፍራም ሰውዬ ሳቀ። ጋሽ ሙጫ ግን አልሳቀም። የሥራ ካፖርቱን እንደለበሰ ከሳጥኑ አጠገብ ቆሞ ነበር፤ ከኮሌታው ላይ መርፌ ሰክቷል፣ ሁልጊዜ እንደሚሰካው።

ሥራ አስኪያጁ መድረክ ላይ ወጣ። ስለ ጥራት ተናገረ፤ ስለ ዘመናዊነት ተናገረ፤ ደራሲዋን «የሁላችንም እናት» አላት። የደራሲዋን ልጅ ከአጠገቡ አስቀምጧታል፤ ቦርሳዋን በሁለት እጇ አቅፋለች። በመጨረሻ፣ ሁሉም ምረቃ ላይ እንደሚባለው፣ «ጥያቄ ካለ» አለ። ጥያቄ ይኖራል ብሎ የሚያምን ሰው እንዲህ አይልም።

ማስመሪያ እጇን አወጣች። እጇ ረጅም ነው። ድምፅ ማጉያውን የያዘችው ልጅ ሥራ አስኪያጁን አየች፤ ሥራ አስኪያጁ ሰውን አየ፤ ሰው ሁሉ ማስመሪያን እያየ ነበር። ማጉያው ተሰጣት።

«ካርታውን የሳልኩት እኔ ነኝ» አለች። «አንድ ነገር ልለምናችሁ። አሮጌውን መጽሐፍ ገና ያልሰጣችሁ፣ መቶ ሠላሳ ስድስተኛውን ገጽ ክፈቱ። አጥብቃችሁ ክፈቱት፤ አይገነጠልም፣ የጠረዘው ሰው እዚህ አለ። አዲሱን የያዛችሁም ካርታውን አውጡና ከጎረቤታችሁ ጋር አስተያዩ።»

አዳራሹ ውስጥ የወረቀት ድምፅ ሆነ። ቀጥሎ ጉምጉምታ።

«ክሩ የታለ?» አለ አንድ ሰው።

«ክሩን ተወው፣ ኮከቡ የታለ?» አለች አንዲት ሴት።

«ይኸው እዚህ፣ ንስሩ ታቅፎታል» አለ ወፍራሙ ሰውዬ። «እንቁላል መስሎት ይሆናል።»

አሁን ግን የሳቀ የለም። አንዲት መነጽር ያደረገች አስተማሪ የአዲሱን እትም የመጨረሻ ገጽ ገልጣ ጮክ ብላ ማንበብ ጀመረች። «እነሱም እጅ ነስተው …» ላይ ስትደርስ መጽሐፉን ዘግታ ከወንበሩ ላይ አኖረችው። ሰልፉ ተበተነ። አሮጌውን አስረክበው የነበሩ ሰዎች ወደ ሳጥኑ ተመለሱ። ሠራተኛዋ «ደንቡ …» ብላ ጀምራ ነበር። ጋሽ ሙጫ ከሳጥኑ ውስጥ አንድ በአንድ እያወጣ፣ ከሽፋኑ ጀርባ ያለውን ስም እያነበበ፣ ለየባለቤቱ ማደል ጀመረ። ደንብ የሚባለውን ቃል የሰማው አይመስልም።

«ክቡራን» አለ ሥራ አስኪያጁ፤ «ይህ ቴክኒካዊ ጉዳይ ነው። ከወራሿ ሕጋዊ ፈቃድ …»

የእህቷ ልጅ ተነሳች። ከቦርሳዋ አሮጌውን መጽሐፍ አወጣች። ማጉያ አልያዘችም፤ ቢሆንም እስከ መጨረሻው ወንበር ድረስ ተሰማች።

«ፊርማው የኔ ነው። ሳላነብ ፈረምኩ። የፊደል ለቀማ ነው ተብዬ ፈረምኩ። ጥፋቴን ሰው ፊት ተናገርኩ። ለዚህ ግን አልፈቀድኩም፤ የፈቀድኩትንም ከዛሬ ጀምሮ ሰርዣለሁ።»

ተቀመጠች። መጽሐፉን ከፈተችና ጣቷን እጥፋቱ ላይ አኖረች።

ሥራ አስኪያጁ ከመድረኩ ወርዶ ወደ ማስመሪያ ተጠጋ። ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ ፈገግ እንዳለ፣ «እናታችን፣ ይህንን ከፕሮግራሙ በኋላ ቢሮ ቁጭ ብለን እንጨርሰዋለን» አላት።

ቢሮ። መስታወቱ ውስጥ፤ ሁሉም እያየ ማንም በማይሰማበት። ማስመሪያ ማጉያውን ከአፏ አላራቀችውም። አንገቷ ላይ ያለው ሥር እንደ ገመድ ተወጥሯል።

«ቢሮ መጥቼ ጠይቄያለሁ። ኮሚቴው ነው አልከኝ። ልጅቷ የራሷን ጥፋት እዚህ ቆማ በስሟ ተናግራለች። እኔም የኔን ልናገር፤ ጠብታውን የጣልኩት እኔ ነኝ። ጋሽ ሙጫ መርፌውን የወጋበትን ያውቃል። ሁላችንም የነካንበትን እናውቃለን። አሁን የቀራችሁት እናንተ ናችሁ። የትምህርት ቤቶቹ መጻሕፍት ወደ መፍጫው ከመሄዳቸው በፊት፣ ይሄ ሕዝብ አሮጌውን መጽሐፍ እንደያዘ፣ መልሱልን፦ ኮከቡን ወደ ግራ ውሰደው ብሎ ያዘዘው ማን ነው? ፍርዱን ሰርዞ እጅ ነስተው አመሰገኑ ብሎ የጻፈው እጅ የማን ነው? በኮሚቴ ሳይሆን በስም። በቢሮ ሳይሆን እዚህ።»

ማጉያውንም ወደ ሥራ አስኪያጁ ዘረጋችው።

«ያዘው። ተናገር።»